ፔሌ የጦር ምርኮኛ ነበር ብዬ የተጣላሁበት ዘመን

የጦሳ ልጅ — ቅዳሜ፣ ከምሽቱ 1፡40

ትናንት ልጄ ስልኩን ይዞ መጣና «አባዬ፣ ፔሌ ፊልም ሠርቶ ያውቃል እንዴ?» ብሎ ጠየቀኝ። ሳቄ አመለጠኝ። ልጁ ግራ ገባው። እናንተ ግን ይገባችኋል ብዬ ነው እዚህ የምጽፈው።

ዘመኑ 1984 ዓ.ም. ገደማ ነው፤ ዘጠኝ ዓመቴ። ደሴ ከፒያሳ ጀርባ አንድ ቪዲዮ ቤት ነበር። መስኮቱ በጆንያ የተጋረደ የጭቃ ክፍል ነው፤ ቴሌቪዥኑ በሁለት የቢራ ሳጥን ላይ ተደርቦ ተቀምጧል፤ አግዳሚ ወንበሩ ስድስት ሰው ይችላል፣ አሥራ አንድ ሰው ይቀመጥበታል። መግቢያው ሃምሳ ሳንቲም። ከኋላ የደረሰው የፊተኛውን ሰው ጆሮ አይቶ ይወጣል። የቤቱ ልጅ እንግሊዝኛ ይችላል ስለሚባል ከቴሌቪዥኑ ጎን ቆሞ ይተረጉምልን ነበር። አሁን ሳስበው ከአሥር ቃል ዘጠኙን ከራሱ ነው የሚያወጣው።

ያን ቀን ያየነው «ኢስኬፕ ቱ ቪክትሪ» የሚባለውን ነው። የጦር ምርኮኞች ከጀርመኖች ቡድን ጋር ኳስ ይጫወታሉ። ተርጓሚያችን ጀርመኖቹን «ጣሊያን ናቸው» አለን። ለምን እንደሆነ እሱ ያውቃል፤ ወሎ ውስጥ ጠላት ከተባለ ጣሊያን ነው መቼም። ከዚያ ያ ጥቁር ሰው ብቅ ሲል ድምፁን ከፍ አድርጎ «ይሄ ፔሌ ነው! በእውነት ተማርኮ ነበር፤ ያዳነው ኳስ ነው!» ብሎ ለፈፈ። እኔ ሙሉ በሙሉ አመንኩ።

ቤት ገብቼ ለአያቴ ነገርኳት። አያቴ ኳስ የሚባል ነገር አታውቅም፤ ጣሊያንን ግን ታውቃለች። ስንዴዋን እየለቀመች ቀና ሳትል «ጣሊያን ከሆነስ ያደርገዋል» አለች። ለኔ ከዚህ በላይ ማስረጃ አልነበረም። በማግስቱ ትምህርት ቤት «ፊልም ነው፣ ውሸት ነው» ካለኝ ልጅ ጋር ተደባድቤ ሁለታችንም ተገረፍን።

ይህ ሁሉ ቀላል ነው። የባሰው በሳምንቱ ሆጤ ሜዳ ላይ የሆነው ነው። የፔሌን የመቀስ ምት ልሞክር ብዬ ወደ ኋላ ተወነጨፍኩ። ኳሷ የካልሲ ኳስ ነበረች፤ እሷ በሰላም አለፈች፣ እኔ በግራ ክንዴ ላይ ወደቅሁ። ወጌሻው በቀርከሃ አስሮ ሰባት ሳምንት አስቀመጠኝ። ዛሬም ዝናብ ሊመጣ ሲል ክንዴ ከሬዲዮው ቀድሞ ይነግረኛል።

ጥያቄዬ እንግዲህ እንዲህ ነው። ፔሌን መጀመሪያ ያያችሁት በምንድን ነው? በጨዋታ ነው በፊልም? እኔ በበኩሌ አንድም ሙሉ ጨዋታውን ሳላይ ነው የወደድኩት።

ወልድያ 7 — ቅዳሜ፣ ከምሽቱ 2፡05

ጋሼ፣ እየሳቅሁ ነው ያነበብኩት፤ ክንድዎን ግን አይዞት። እኔ ፔሌን ያወቅሁት በኮምፒውተር ጨዋታ ውስጥ ነው፤ እንደ ተጫዋች መርጠን እናሰልፈዋለን። ፊልም መሥራቱን አሁን ነው የሰማሁት። አንድ ነገር ግን አውቃለሁ፦ ናይጄሪያ ውስጥ ጦርነት ነበር፤ ፔሌ ሊጫወት ሲሄድ ሁለቱም ወገኖች 48 ሰዓት ተኩስ አቆሙ። ከፊልሙ ይልቅ እሱ አይበልጥም?

ሰኞ ገበያ — ቅዳሜ፣ ከምሽቱ 2፡31

እንግዲህ ጀመራችሁ። ሰውየው ኳስ ተጫዋች ነበር፤ ጎበዝ ነበር፤ አበቃ። ተዋናይ ግን አይደለም። ያን ፊልም እኔም አይቼዋለሁ። ሲናገር እንደ ተማሪ በቃሉ ያጠናውን ነው የሚወጣው። ሰዎች ስሙን አይተው ትኬት እንዲቆርጡ ነው ያስገቡት። ዛሬ ዘፋኝ በማስታወቂያ ሳሙና እንደሚሸጠው ማለት ነው።

ደግሞ አንድ ሰው ሜዳ ላይ ስለበለጠ ሌላው ሁሉ ይቅር አይባልለትም። አገሩ ብራዚል በፈረንጆች ከ1964 ጀምሮ 21 ዓመት በወታደሮች ስትገዛ እሱ ዝም ብሏል። አገሪቱን ይገዛ ከነበረው ጄኔራል ጋር ዋንጫ ይዞ ፎቶ ተነሥቷል። የወለዳትን ልጅ ፍርድ ቤት እስኪፈርድ ድረስ አላወቃትም፤ በ2006 በካንሰር ስትሞት ቀብሯ ላይ አልተገኘም። ስለ ፊልሙ ስታወሩ ይህንንም አውሩ።

የሐይቅ ዳሯ መምህር — ቅዳሜ፣ ከምሽቱ 3፡12

ወልድያ 7፣ ወንድሜ፣ አትቀየመኝ። የታሪክ መምህር ነኝና ዝም ማለት አልችልም። የፔሌ ቡድን ሳንቶስ በጥር 1969 ሌጎስ ላይ መጫወቱ እርግጥ ነው፤ ጨዋታው 2 ለ 2 ነው ያለቀው። የናይጄሪያው የቢያፍራ ጦርነት ግን እስከ ጥር 1970 ቀጥሏል። የዚያን ጊዜ ጋዜጦች ያገላበጡ ሰዎች «ስለ ኳሱ ብለን ተኩስ አቆምን» የሚል ዜና አላገኙም። ወሬው እየተቀባበለ ያደገ ነው። ዓመቶቹን በፈረንጆች አቆጣጠር ነው የምጽፈው፤ የእኛን ስጠራ ዓ.ም. እላለሁ።

የጦሳ ልጅ የነገረን የቪዲዮ ቤት ተርጓሚና የ48 ሰዓቱ ወሬ ወንድማማቾች ናቸው። ሰው ስለ ፔሌ ሲሆን ያምናል። ምክንያቱም እውነተኛው ታሪኩም የተረት መልክ አለው። እስቲ አስቡት፦ ጥቅምት 23 ቀን 1940 ሚናስ ዤራይስ ውስጥ ትሬስ ኮራሶይንስ በምትባል ትንሽ ከተማ ተወለደ። አባቱ አምፖል የሠራውን ኤዲሰንን አስበው «ኤድሰን» አሉት። አባትየው ራሳቸው ኳስ ተጫዋች ነበሩ፤ ጉልበታቸው ተጎድቶ ቀረባቸው። ልጁ ባውሩ ከተማ ሊስትሮ ሆኖ ጫማ ጠርጓል። ኳሱ ምን ነበረች? በጋዜጣ የተጠቀጠቀች ካልሲ! የጦሳ ልጅ ክንዱን የሰበረችበት ኳስ እኅት ናት።

በ1950 ብራዚል በገዛ አገሯ ማራካና ላይ በኡራጓይ ስትሸነፍ አባቱ ሬዲዮው አጠገብ አለቀሱ። የዘጠኝ ዓመቱ ልጅ «አታልቅስ፣ እኔ ዋንጫውን አመጣልሃለሁ» አላቸው። ዘጠኝ ዓመት! የጦሳ ልጅ በቪዲዮ ቤቱ የነበረበት ዕድሜ ማለት ነው። ልዩነቱ ያኛው ልጅ በስምንት ዓመቱ ቃሉን ሞላ፤ በ17 ዓመቱ፣ በ1958፣ ስዊድን ላይ።

ስለ ልጅየዋ ሰኞ ገበያ የተናገረው እውነት ነው። አልከራከርም።

አይጠየፍ ሠፈር — ቅዳሜ፣ ከምሽቱ 4፡50

ልጆቼ፣ እንደምን አመሻችሁ። ዐይኔ ደክሟልና የልጅ ልጄ ናት የምትጽፍልኝ። ስህተት ካለ የሷ ነው።

እኔ ፔሌን ያየሁት ከናንተ ሁሉ በፊት ነው። በንጉሡ ጊዜ ሲኒማ ቤት ዋናው ፊልም ከመጀመሩ በፊት የዜና ቁራጭ ያሳዩን ነበር። ከንጉሡ ጉብኝት በኋላ፣ ከሆነ አገር ጎርፍ በኋላ፣ አንዳንዴ አንዲት ደቂቃ ኳስ ትመጣለች። የሜክሲኮውን ዋንጫ፣ የ1962 ዓ.ም.ን መሆኑ ነው፣ ያየሁት በዚህ ነው። ፔሌ ዘሎ በግንባሩ የገጨውን፣ ጣሊያኖች ላይ ያገባውን የመጀመሪያ ጎል። ሰውየው አየር ላይ ቆሞ የቀረ ነው የሚመስለው። አጠገቡ የነበረው ተከላካይ አብሮት ዘሎ፣ ቀድሞት ወረደ። ቁራጩ አለቀ፣ መብራት በራ፣ ሰው ሁሉ «ይደገም!» ብሎ ጮኸ። ዋናውን ፊልም ማን እንደ ሠራው እንኳን አላስታውስም።

ሰኞ ገበያ የተናገረው ደርሶኛል። አንዱን ግን ልጨምርለት። በ1954 ዓ.ም. ጥር ወር፣ እኛ ሦስተኛውን የአፍሪካ ዋንጫ አዲስ አበባ ላይ ግብፅን 4 ለ 2 አሸንፈን ስንወስድ፣ ያውም በተጨማሪ ሰዓት፣ አምበሉ ሉቺያኖ ቫሳሎ ዋንጫውን ከጃንሆይ እጅ ሲቀበል እኔ ተማሪ ነበርኩ። መንግሥቱ ወርቁን በዐይኔ አይቻለሁ። በዚያው ዓመት በዓለም ዋንጫ ቺሊ ላይ ፔሌ በሁለተኛው ጨዋታ ጭኑን ተጎድቶ ወጣ፤ ዋንጫውን ያለ እሱ እነ ጋሪንቻ ናቸው የወሰዱት። እኛ መንግሥቱ ወርቁ ሲሮጥ የሚታይበት ፊልም ምን ያህል አለን? ስንት ደቂቃ? የፔሌ ጎል ግን እዚህ ደሴ ደርሷል። ተዋናይ ነው አይደለም ብላችሁ ከምትጣሉ፣ ሰው በፊልም ስለ መቅረቱ ተነጋገሩ።

የጦሳ ልጅ፣ አያትህ የተናገሩት ቀልድ አይደለም። በኅዳር 1928 ዓ.ም. የጣሊያን አውሮፕላን ደሴን ሲደበድብ እናቴ ልጅ ነበረች። የቀይ መስቀል ሆስፒታሉ ሳይቀር ነው የተመታው። ወራሪ ከተማህን ይዞ «ና ኳስ እንጫወት» ቢልህ ምን ታደርጋለህ? ፊልሙ የሚጠይቀው ይህን ነው። እናንተ ልጆች የመቀስ ምቱን ብቻ ነው ያያችሁት።

የጦሳ ልጅ — ቅዳሜ፣ ከምሽቱ 5፡20

ጋሼ፣ ያክብርልኝ። ለልጅ ልጅዎም፤ አንድም ስህተት የለባትም። አያቴም በዚያን ጊዜ ልጅ ነበረች፤ ጦሳ ተራራ ላይ ዋሻ ውስጥ ነው ያደርነው ትል ነበር። እኔ ኳሱን ስነግራት እሷ የምትሰማው ሌላ ነገር ነው ለካ።

ቦርከና — እሑድ፣ ከጠዋቱ 12፡45

ደህና አደራችሁ። ኮምቦልቻ ውስጥ ከ13 ዓመት በታች ሕፃናትን አሠለጥናለሁ፤ ደመወዝ የለውም፣ ጭቅጭቅ አለው። ሌሊት ይህን ሁሉ ካነበብኩ በኋላ ፊልሙን ፈልጌ የጨዋታውን ክፍል ብቻ አራት ጊዜ አየሁት። ሰኞ ገበያ፣ እንከራከር።

ቀረጻው በ1980 ሃንጋሪ፣ ቡዳፔስት ላይ ነው። ፔሌ ጫማ ከሰቀለ ሦስት ዓመት ሊሞላው ነው። በኒውዮርክ ኮስሞስ የመጨረሻ ጨዋታውን ያደረገው ጥቅምት 1 ቀን 1977 ነው፤ ግማሹን ለኮስሞስ፣ ግማሹን ለቀድሞ ቡድኑ ለሳንቶስ። ስለዚህ በፊልሙ የምናየው የአርባ ዓመት ጎረምሳ ነው። ሆዱ ትንሽ ወጣ ብሏል። ግን ያንን የመቀስ ምት በዝግታ ሲያሳዩት እግሩን ተመልከቱ።

የጦሳ ልጅ፣ ክንድህ የተሰበረው በዚህ ነው። ልጆች ሁሉ በሚመቱበት እግር ነው ለመነሣት የሚሞክሩት። እሱ የሚያነሣው የማይመታበትን እግር ነው፤ ግራው ቀድሞ ወደ ላይ ይወጣል፣ ሰውነቱን ይጎትተዋል። ከዚያ ግራው ሲወርድ ቀኙ ይወጣል። ስሙ መቀስ የሆነው ለዚህ ነው። ጀርባው ከመሬት ጋር ትይዩ ሲሆን ኳሷ ከፊቱ በላይ ናት። ሲወርድ ደግሞ መዳፎቹ ተከፍተው ይቀድማሉ፤ ጣቶቹ ወደ እግሩ አቅጣጫ ያያሉ እንጂ ወደ ኋላ አይደሉም። ክንዱ አይገተርም፣ ክርኑ እጥፍ ይላል። ከዚያ የትከሻው ጀርባ። አገጩ ደረቱ ላይ ተጣብቋል። ገትረህ ከወደቅህማ ወጌሻ ነው።

ይህን የተዋናይነት ትምህርት ቤት አያስተምርም። ተዋናይ አይደለም ካልከኝ እሺ፤ ንግግሩ ይገታተራል፣ አልክድም። ሰውነቱ ግን ይናገራል። የጎድን አጥንቱን ተመትቶ ከወጣ በኋላ አንድ ክንዱን አቅፎ ተመልሶ ሲገባ ያለውን አረማመድ እዩት። ያንን ትወና አድርጎ አይደለም የሠራው፤ በ1966 እንግሊዝ ላይ ቡልጋሪያና ፖርቱጋል እየረገጡት በእንክብካቤ ሲወጣ ያሳለፈውን ነው። ሰውነቱ ያስታውሰዋል።

ሌላም አለ። ሰሌዳ ፊት ቆመው ስልት የሚወያዩበት ቦታ አለ፤ አሠልጣኙን ሆኖ የሚጫወተው ማይክል ኬይን ነው። ፔሌ ጠመኔውን ይቀበላል። ኳሷን ለኔ ስጡኝ ይላል፤ ከዚያ መስመሩን እያጣመመ አንዱን ያልፋል፣ ሌላውን ያልፋል፣ ሁሉንም አልፎ ጎል ይከታል። እኔ ዘንድ በየቀኑ አንድ ልጅ እንዲህ ያለ ስልት ያቀርብልኛል። ልዩነቱ ያ ሰውየ አድርጎት ያውቃል።

ሰኞ ገበያ — እሑድ፣ ከጠዋቱ 3፡10

አሠልጣኝ፣ ስለ እግሩ የተናገርከውን ተቀብያለሁ። ስለ ጎሎቹ ግን? ከ1,200 በላይ ይላሉ። የወዳጅነት ጨዋታው፣ የወታደር ቤት ጨዋታው፣ ሁሉም ተደምሮ ነው። እኔም የሰኞ ገበያን ግጥሚያ ከቆጠርኩ 300 አለኝ።

የሐይቅ ዳሯ መምህር — እሑድ፣ ከጠዋቱ 3፡55

ሰኞ ገበያ፣ 300ውን በምስክር አረጋግጥና እንጽፍልሃለን።

የወዳጅነቱን ተወው። ለብራዚል በ92 ጨዋታ 77 ጎል። በዓለም ዋንጫ 14 ጨዋታ፣ 12 ጎል፣ ሦስት ዋንጫ። በ1958 ግማሽ ፍጻሜ ፈረንሳይ ላይ ሦስት፣ በፍጻሜው ስዊድን ላይ ሁለት። ከሁለቱ የመጀመሪያዋን የምታውቋት ታውቋታላችሁ፦ በደረቱ አብርዶ፣ በተከላካዩ ራስ ላይ አሳልፎ፣ መሬት ሳትነካ መታት። ያን ቀን ብራዚል ሰማያዊ ማሊያ ነው የለበሰችው፤ ስዊድንም ቢጫ ለባሽ ናትና። 10 ቁጥሩም ታስቦ የተሰጠው አይደለም፤ ብራዚሎች ቁጥር ሳይደለድሉ ዝርዝሩን በመላካቸው በድንገት የደረሰው ነው። የወዳጅነት ጨዋታዎቹም ቢሆኑ፣ ሳንቶስ ዓለምን ዞሮ የሚኖረው በነሱ ገቢ ነበር፤ የተቃራኒዎቹ ቡድኖች ደግሞ የአውሮፓ ትልልቆቹ ነበሩ። ሁሉም የመንደር ግጥሚያ አልነበረም።

ሌላ ሰው ያላነሣው አለ። ፔሌ ያንን ፊልም ከመሥራቱ በፊት በአገሩ ተውኗል። በ1969 ከሌላ ዓለም ስለሚመጡ እንግዶች በሚተርክ ተከታታይ የቴሌቪዥን ድራማ ላይ ደራሲ ሆኖ ተጫውቷል። በ1972 ደግሞ ስለ ባርነት መቅረት በተሠራ ፊልም ላይ ባሪያዎችን ነፃ ለማውጣት የሚታገል ሰው ሆኗል። ብራዚል ባርነትን የሻረችው በ1888 ነው፤ የፔሌ የቅድመ አያቶቹ ዘመን ማለት ነው። ያንን በወታደሮች አገዛዝ ዘመን መሥራቱ ዝም ማለት ነው ወይስ መናገር? እኔ መልሱን ልስጥ አልልም፤ ሰኞ ገበያ ግን ሒሳቡ ላይ ይጨምረው።

ሰኞ ገበያ — እሑድ፣ ከረፋዱ 4፡20

ጨምሬዋለሁ። ሒሳቡ ግን አልተዘጋም። ሰው አንድ ጊዜ የባርነት ፊልም ስለሠራ በቤተ መንግሥት የተነሣው ፎቶ አይጠፋም። ስለ 1972ቱ ፊልም አላውቅም ነበር፤ ይህን እቀበላለሁ።

ወልድያ 7 — እሑድ፣ ከቀኑ 7፡02

ይቅርታ መምህር፣ የናይጄሪያውን ለስንት ሰው እንደነገርኩት ብታውቂ! ከእንግዲህ ግማሹን ብቻ እናገራለሁ።

ፊልሙን ዛሬ ከጓደኞቼ ጋር አየነው። አሠልጣኝ ቦርከና፣ የገረመኝን ልንገርህ። በረኛው ስታሎን ነው፤ ያ የቦክሰኛው! ኳስ ሲይዝ ዶሮ የሚያሳድድ ነው የሚመስለው። ከተጫዋቾቹ መካከል ደግሞ የእንግሊዙ ቦቢ ሙር አለ፤ የአርጀንቲናው ኦስቫልዶ አርዲሌስ አለ። አርዲሌስ ኳሷን ከኋላው በተረከዙ በራሱ ላይ ሲያሳልፋት ጓደኛዬ «ይሄ አብዶ ከዛሬ ስንት ዓመት በፊት ነበር እንዴ?» ብሎ ጮኸ። እኛ በኔይማር የተጀመረ ነበር የመሰለን።

ቦርከና — እሑድ፣ ከቀኑ 8፡30

ያንን በረኛ ያሠለጠነው ማን መሰለህ? የእንግሊዙ በረኛ ጎርደን ባንክስ። በ1970 በሜክሲኮው ዋንጫ ጓዳላሃራ ላይ የፔሌን የግንባር ኳስ ከመስመር ያወጣው ሰው፤ ፔሌ ገጭቶ «ጎል!» ብሎ እጁን ሊያነሣ ነበር። በዚያው ጨዋታ መጨረሻ ላይ ፔሌና ቦቢ ሙር ማሊያ ተለዋውጠው ተቃቅፈው ያሉበትን ፎቶ አይተኸዋል። ከአሥር ዓመት በኋላ እነዚያው ሁለቱ ቡዳፔስት ላይ የምርኮኛ ልብስ ለብሰው አንድ ቡድን ሆኑ። ሜዳ ላይ ያለውን የጨዋታ እንቅስቃሴ የነደፈውም ራሱ ፔሌ ነው።

ፊልም ነው ብላችሁ የምታልፉት እንግዲህ ይህን ነው። እኔ ፊልሙ ውስጥ የምፈልገው ታሪኩን አይደለም። እነዚህ ሰዎች ዋንጫ ሳይኖር፣ ተመልካች ሳይጮህ፣ እንደ ልጅ ሲጫወቱ ማየት ነው።

አይጠየፍ ሠፈር — እሑድ፣ ከምሽቱ 1፡15

ለመሆኑ እውነተኛው ነገር የትኛው ነው? እንዲህ ያለ ጨዋታ በእርግጥ ነበር ሲሉ ሰምቻለሁ።

የሐይቅ ዳሯ መምህር — እሑድ፣ ከምሽቱ 1፡48

ነበር፣ ጋሼ። ኪየቭ በጀርመኖች ተይዛ ሳለች፣ ነሐሴ 9 ቀን 1942፣ ዳቦ ቤት ውስጥ የሚሠሩ የቀድሞ ተጫዋቾች ያሉበት ቡድን ከጀርመን አየር ኃይል ሰዎች ጋር ተጋጥሞ 5 ለ 3 አሸነፈ። በኋላ «ሜዳው ላይ እንዳሉ ተረሸኑ» ተብሎ ተወራ፤ ያ ትክክል አይደለም። ከጨዋታው በኋላ በሳምንታት ውስጥ ብዙዎቹ ታሠሩ፤ ከመካከላቸው የተወሰኑት በእሥር ላይ ተገደሉ። ፊልሙ ጨዋታውን ወደ ፓሪስ ወሰደው፤ መጨረሻውንም አሳመረው።

ፔሌን የትሪኒዳድ ሰው ያደረጉትም ለዚሁ ሳይሆን አይቀርም። ትሪኒዳድ ያኔ የእንግሊዝ ቅኝ ግዛት ስለነበረች፣ አንድ ጥቁር ወታደር ከእንግሊዞች ጋር ቢማረክ ያስኬዳል። ስሙም ኮርፖራል ፈርናንዴዝ ነው። የጦሳ ልጅ፣ ተርጓሚያችሁ ይህን ሁሉ ዘሎ ነው «ፔሌ ተማረከ» ያላችሁ።

የጦሳ ልጅ — እሑድ፣ ከምሽቱ 2፡30

ዘለለው፣ አዎ። ግን መምህር፣ አንድ ነገር ልንገርሽ። በእረፍት ሰዓት 4 ለ 1 እየተመሩ፣ ከመልበሻ ክፍሉ ሥር ጉድጓድ ተቆፍሮላቸው፣ ማምለጥ ሲችሉ ወደ ሜዳ የተመለሱበትን ቦታ ታስታውሻለሽ? በዚያ ሰዓት ተርጓሚው ዝም አለ። ሁላችንም ዝም አልን። አንድ ሽማግሌ ነበሩ፣ ከልጅ ልጃቸው ጋር የገቡ፤ «ለምን አያመልጡም?» አሉ ጮክ ብለው። ተርጓሚው ዞር ብሎ «አባ፣ ጨዋታው አላለቀማ!» አላቸው። ይህንን ከራሱ አመጣው ወይስ ከፊልሙ፣ ዛሬም አላውቅም። ከትርጉሙ ሁሉ ግን ልክ የሆነው እሱ ነው።

ከዚያ ፔሌ መታት። ያ የጀርመኑ መኮንን ብድግ ብሎ ሲያጨበጭብ የቪዲዮ ቤቱ ሰው ሁሉ ተነሣ። አንዱ አግዳሚ ወንበር ተሰበረ። ባለቤቱ በማግስቱ መግቢያውን ስድሳ ሳንቲም አደረገው።

ሰኞ ገበያ — እሑድ፣ ከምሽቱ 3፡05

ያንን ወንበር የሰበርነው እኛ ነን።

የጦሳ ልጅ — እሑድ፣ ከምሽቱ 3፡07

አንተ ነበርክ እዚያ?!

ሰኞ ገበያ — እሑድ፣ ከምሽቱ 3፡20

ከመስኮቱ ሥር፣ ጆንያውን ተደግፈን። አራት ነበርን። አሁን ሁለት ነን ያለነው። ተዋናይ አይደለም ብያለሁ፤ አልወደድኩትም አላልኩም። በታኅሣሥ 2022 መጨረሻ ሞተ ሲባል ቤት ተቀምጬ ያንኑ የመቀስ ምት ነው ደጋግሜ ያየሁት። የዋንጫዎቹን ጎሎች አይደለም። እሷን።

አወያይ — እሑድ፣ ከምሽቱ 3፡40

ክሩ ክፍት ነው። ወልድያ 7፣ ሙሉ ፊልሙን እዚህ ለመጫን ያደረግከውን ሙከራ አጥፍቼዋለሁ፤ አይፈቀድም።

ቦርከና — ሰኞ፣ ከምሽቱ 12፡50

ዛሬ ከልምምድ በኋላ ለልጆቹ የመቀስ ምቱን በስልኬ አሳየኋቸው። አሥራ ስድስት ራስ በአንዲት ስልክ ላይ። የአሥር ዓመቱ ልጅ «አሠልጣኝ፣ ይሄ ሽማግሌ ማን ነው?» አለኝ። ፔሌ ነው አልኩት። «ያ የሬስቶራንቱ?» አለኝ። እኛ ሠፈር በስሙ የተጠራ ምግብ ቤት አለ። ከዚያ ሁሉም ሊሞክሩ ተነሡ። አሸዋው ክምር ላይ ካልሆነ አይቻልም ብዬ ወሰድኳቸው፤ ግራ እግር ቀድሞ፣ ክርን እጥፍ፣ አገጭ ደረት ላይ። ማንም አልተሰበረም። ኳሷን የነካት አንድ ብቻ ነው፤ እሷም ወደ ቦርከና ወንዝ ገባች፤ ሁለት ልጆች ሄደው አወጧት።

አይጠየፍ ሠፈር — ሰኞ፣ ከምሽቱ 2፡10

ፊልሙን እኔ አላየሁትም። እስከ ዛሬ ስታወሩ ዝም ያልኩት አፍሬ ነው። የልጅ ልጄ ቅዳሜ ላሳይህ ብላኛለች፤ የቤቱ ቴሌቪዥን ትልቅ ነው። ደሴ ያላችሁ ኑ። ቡናው ከአቦል እስከ በረካ አለ። ሰኞ ገበያ፣ አንተ መሬት ላይ ነህ የምትቀመጠው፤ ወንበሮቼ የአባቴ ናቸው።

የጦሳ ልጅ — ሰኞ፣ ከምሽቱ 2፡14

እመጣለሁ ጋሼ፣ ልጄንም ይዤ። ትርጉሙን እኔ ልሥራ?

የሐይቅ ዳሯ መምህር — ሰኞ፣ ከምሽቱ 2፡16

አይሆንም።